የዘገየው መልስ

የላውንደሪው ባለቤት የደወለችልኝ ቢሮ እያለሁ ነው። ስልኩ ጠረጴዛው ላይ ሲንቀጠቀጥ ስሟን አነበብኩ። ሳነሣው «ወንድምሽ ደህና ነው፣ አትደንግጪ። ከቻልሽ ብቅ በይና በዓይንሽ እዪው» አለችኝ። አትደንግጪ የሚለኝ ሰው ሁልጊዜ ያስደነግጠኛል።

ላውንደሪው ሆቴሎች አንሶላና ፎጣቸውን የሚልኩበት ቤት ነው። ከፊት ደንበኛ መቀበያው፣ ከኋላ ማሽኖቹ፣ ከማሽኖቹ ቀጥሎ ረጅሙ የማጠፊያ ጠረጴዛ አለ። ወንድሜ ግማሽ ዕድሜውን የቆመው እዚያ ጠረጴዛ አጠገብ ነው። ትልቅ አንሶላ ለብቻ አይታጠፍም። ሁለት ሰው ጫፍ ለጫፍ ይዞ ይሳሳባል፣ ከዚያ ተጠጋግቶ ያገናኘዋል። ለዚህ ሦስት ቃል አላቸው፤ «ያዝ»፣ «ሳብ»፣ «ና»። ቃሉን የሚጠራው አንዱ ብቻ ነው፤ ሁለቱም ከጠሩ አንሶላው ይጠማዘዛል። ጠሪው ሁልጊዜ ወንድሜ ነበር። «አለቃ» ብለው ስም ያወጡለትም ለዚህ ነው።

የዚያን ቀን ግን የሚጠራው ቀጮ ነበር። ቀጮ የማጠፊያ ጓደኛው ነው፤ ስሙ የወጣለት በጣም ወፍራም ስለሆነ ነው።

«ያዝ» አለ ቀጮ።

ወንድሜ አንሶላውን እያየ ቆመ።

«አለቃ፣ ያዝ እንጂ።»

ጫፉ ከወንድሜ ጣቶች ሾልኮ መሬት ነካ። መሬት የነካ አንሶላ ተመልሶ ይታጠባል። ቀጮ በጭንቅ አጎንብሶ ጠቀለለውና ቅርጫት ውስጥ ወረወረው። ቅርጫቱ ሞልቶ ነበር።

«ዛሬስ መሬቱን አልጋ አደረግነው» አለ። ለማሳቅ ያለው አልመሰለኝም።

ወንድሜ ሹራብ ለብሷል። በዚያ ሁሉ እንፋሎት ውስጥ ሌሎቹ እጅጌያቸውን ሰብስበው ሲያላባቸው፣ እሱ እስከ አንገቱ ቆልፏል።

ባለቤቷ ወደ ደንበኛ መቀበያው ወሰደችኝና በሩን ገፋ አደረገችው።

«ለክፋት እንዳይመስልሽ» አለች። «ግን ማሽኑ እሳት ነው፣ መተኮሻው እሳት ነው። ትናንት ቆሞ እንቅልፍ ወሰደው። ቆሞ። እጁን ቢቃጠልብኝ ለእናትሽ ምን ብዬ ልንገራት? እስኪሻለው ቤት ይረፍ።»

«ካልተሻለውስ?»

ወደ ማጠፊያው በኩል አየች። «ቀጮም ብቻውን አይችል፤ ሰው መፈለጌ አይቀርም። የሚሻለውንና የማይሻለውን የተማርሽው አንቺ ነሽ።»

የተማርኩት ስታቲስቲክስ ነው። የምሠራው መድን ድርጅት ውስጥ፣ ሰው በአማካይ እስከ ስንት ዓመት እንደሚኖር የሚገምቱ ሠንጠረዦች በሚዘጋጁበት ክፍል ነው። ወንድሜን የመሰለ ሰው ሠንጠረዦቻችን ውስጥ የለም። ዳውን ሲንድሮም አለበት። ስለ እሱ ያነበብኩት ራሴ ፈልጌ፣ ምሳ ሰዓት ላይ፣ ሰው ሲመጣ ገጹን እየዘጋሁ ነው። እንደ እሱ ሆነው የሚወለዱ ሰዎች ድሮ ብዙዎቹ በልጅነት ይሞቱ ነበር። ብዙዎቹ ይዘውት የሚወለዱት የልብ ክፍተት አይታከምም ነበር፤ ሳንባቸውን ሲያማቸውም ይኖራሉ ብሎ የሚለፋላቸው አልነበረም። ዛሬ ሕክምና ካገኙ ብዙዎቹ ስድሳ ይደርሳሉ፣ ያልፋሉም። ይህን ያነበብኩ ዕለት ከቢሮ ስወጣ ደረጃውን እየሮጥኩ ወረድኩ። በማግስቱ ቀጣዩን አንቀጽ አነበብኩ። ረጅም መኖር ሲጀምሩ፣ ሌላው ሰው በስተርጅና የሚያገኘው የመርሳት በሽታ እነሱን ቀድሞ ይይዛቸዋል ይላል፤ ብዙዎቹን በሃምሳዎቹ፣ አንዳንዶቹን በአርባዎቹ። ወንድሜ አርባ ሦስት ዓመቱ ነው።

ከዚያ ወዲህ ሳላሳውቀው እፈትነው ነበር። ቁርስ ሳቀርብ «ጋሼ፣ ዛሬ ቀኑ ማነው?» ጫማዬን እያሰርኩ «ጋሼ፣ የጎረቤት ድመት ስሟ ማነው?» ዝም ብሎ ያየኛል። መጠበቅ የማልችል ሰው ነኝ፤ የምፈራውን ነገር ደግሞ ጭራሽ። ዝምታውን ይዤ እወጣለሁ፣ ቀኑን ሙሉ ከእኔ ጋር ይውላል።

ጋሼ የምለው እኔ ብቻ ነኝ። ገና አፌን ስፈታ «ታላቅሽ ነኝ፤ ጋሼ በይኝ» ብሎ ያስተማረኝ ራሱ ነው። እናታችን ግን እስከ ዛሬ «ማሙሽ» ነው የምትለው።

ከላውንደሪው አብረን ወጣን። ድሮ እሱ ነበር ከፊት ከፊት የሚሄደው። አሁን የእግረኛው መንገድ ጠርዝ ላይ በደረሰ ቁጥር ይቆማል፣ ወደ ታች ያያል፣ ከዚያ አንድ እግሩን ያወርዳል። እኔ እሄዳለሁ፣ እመለሳለሁ፣ ደግሞ እሄዳለሁ።

«ቅደሚ» አለኝ። ድምፁ ጉንፋን እንደያዘው ሰው ሻክሯል።

«ምንም አልቸኮልኩም።»

እግሬን አየ።

እናታችን ልብስ ሰፊ ናት፤ የምትሰፋውም ሳሎናችን ውስጥ፣ መስኮቱ ሥር ነው። ለልጅ ስትሰፋ ሁልጊዜ ትርፍ ጨርቅ ትተዋለች፤ የሱሪውን እግር ወይም የቀሚሱን ጫፍ ወደ ውስጥ ወፈር አድርጋ አጥፋ ትቀመቅመዋለች፣ ልጁ ሲያድግ ይፈታል። የእኔ የትምህርት ቤት ቀሚስ ላይ የድሮዎቹ እጥፋቶች መስመር ይታይ ነበር፤ በመስመሩ ዕድሜዬን መናገር ይቻላል። ለጋሼ ግን ትርፍ ትታ አታውቅም። ልክክ አድርጋ ትሰፋለች፤ ሲጠበው ሌላ ትሰፋለች። ሲወለድ አንድ ሐኪም «አሥር ዓመት ከሞላው እድለኛ ነሽ» ብሏት ነበር። ይህን አፍ አውጥታ የነገረችን ዘግይታ ነው፤ እኔ ግን ከስፌቷ ቀድሜ አውቄዋለሁ።

በቅርቡ፣ ምግብ ቀንሶ ሳለ፣ ጋሼ እየወፈረ መጣ። የሚፈታ ትርፍ ስላልነበረ እናቴ የሱሪዎቹን ጎን ቀድዳ ሌላ ጨርቅ ቀጠለችበት። ግራጫ ሱሪ፣ ጎኑ ቡናማ።

«ማሙሽ ምነው በጊዜ መጣ?» አለች ስንገባ።

ጋሼ ወደ ውስጥ ገብቶ አልጋው ላይ ተቀመጠ። ነገርኳት። የስፌት መኪናውን አቆመች።

«ሐኪም ጋ እንውሰደው፣ እማ።»

«ምን ልንሰማ?»

«ምን እንደሆነ ልናውቅ ነዋ።»

«አንድ ጊዜ ሰምቻለሁ፤ ይበቃኛል።»

«እሱ እኮ ተሳስቷል።»

«ተሳስቷል። እንደተሳሳተ ይቀመጥ። አሁን ደግሞ ሌላው መጥቶ እንዳያርመው።»

ተነሥቼ ወደ መስኮቱ ሄድኩ፣ ተመለስኩ። ቁጭ በይ አለችኝ፤ አልተቀመጥኩም። ስለ መርሳት በሽታው ያነበብኩትን ለመጀመሪያ ጊዜ ነገርኳት። ቀስ ብዬ ልነግራት አስቤ ነበር፣ ግን ሁሉም በአንድ ትንፋሽ ወጣ።

«ቀኑን እንኳ አያውቅም» አልኳት። «ጠዋት ጠዋት እጠይቀዋለሁ፣ ዝም ነው። ትናንትም ጠየቅኩት።»

እናቴ ክሩን ከጥርሷ አወጣች። «ማክሰኞ የሚለው እሱን ነው እንዴ?»

«ምን?»

«ትናንት አንቺ በሩን ዘግተሽ ከወጣሽ በኋላ ‹ማክሰኞ› አለ። ለማን ነው የምታወራው ብለው ዝም። እኔማ ለብቻው ማውራት ጀመረ ብዬ ሆዴን ሲበላኝ ዋለ።»

ትናንት ማክሰኞ ነበር።

«ሌላስ?» አልኳት። «ሌላ ምን ይላል፣ እኔ ከወጣሁ በኋላ?»

«ምኑን አስታውሼው። ባለፈው ‹ጥጥ፣ ጥጥ› ሲል ጆሮውን አሞት መስሎኝ ጥጥ አመጣሁለት። እጄን ገፋው።»

«እማ፣ ጥጥ እኮ ድመቷ ናት።»

«የትኛዋ ድመት?»

«የጎረቤት። ነጯ። ስሟ ጥጥ ነው። ስሟን ጠይቄው ነበር።»

እናቴ እጇን አፏ ላይ አደረገች። መጀመሪያ የምታለቅስ መሰለኝ፤ ትከሻዋ ሲንቀጠቀጥ አየሁ፣ ሳቅ ነበር። «ጆሮው ውስጥ ልከትለት ስታገለው» አለች። ከዚያ ሳቁ ቆመ። ሁለታችንም ወደ ውስጠኛው ክፍል አየን።

ጋሼ በሩ ላይ ቆሟል።

«አልረሳሁም» አለ።

ልናገር አፌን ስከፍት እናቴ እጄን ያዘች። ጠበቅን። ውጭ መኪና አለፈ፤ የስፌት መኪናው መብራት ዝም ብሎ ይበራል።

«ቀጮ ‹ያዝ› ሲል ሰምቻለሁ» አለ ጋሼ። «እጄ ነው የዘገየው።»

«ማሙሽ» አለችው እናቴ፣ «ሐኪም ጋ ልውሰድህ?»

እንደገና ጠበቅን።

«በርዶኛል» አለ።

ወደ ጤና ጣቢያው የሄድነው በማግስቱ ነው። እኔ ከቢሮ ፈቃድ ስጠይቅ ቆየሁና ስደርስ እናቴ ካርዱን አውጥታ ጨርሳለች። ፈልጌ ያጣኋቸው በአዋቂዎቹ ወረፋ ላይ ነው፤ ያገኘኋቸው ሕፃናት ክፍል። የካርድ ክፍሉ ሠራተኛ «ማንን ልታሳክሚ ነው?» ሲላት «ልጄን፣ ማሙሽን» ብላ ነበር፤ እሱም ቀና ሳይል ወደ ግራ ልኳታል። ጋሼ ዳክዬ የተሣለበት አጭር ወንበር ላይ ጉልበቱ ደረቱን ነክቶ ተቀምጧል። ጎኑ ያለች ሕፃን የሹራቡን ቁልፍ ትጎትታለች።

ነርሷ ብቅ አለች። «ማሙሽ!»

ከየአቅጣጫው ልጅ ያቀፉ እናቶች ተነሡ።

«አንድ በአንድ፤ የማን ማሙሽ ነው?» አለች ነርሷ። ጋሼ ቀስ ብሎ ተነሣ። ጆሮ ግንዱ ላይ ሽበት አለው። ነርሷ አየችውና ከኋላው ልጅ ፈለገች። «እርስዎ አባቱ ነዎት?»

እናቶቹ እንደቆሙ ሁሉም መልሱን ጠበቀ።

«አለቃ ነኝ» አለ ጋሼ።

በትክክለኛው ክፍል የተቀበለን ሐኪም በእኔ ዕድሜ የሚሆን፣ የደከመው ሰው ነበር። ለጋሼ «እርስዎን ምን ያምዎታል?» አለው። ጋሼ እርስዎ የተባለው ማን እንደሆነ ለማየት ዞር አለ። ከኋላው ግድግዳ ብቻ ነበር። ሐኪሙ ትንሽ አየውና፣ መልስ ሲያጣ ወደ እኔ ዞረ፤ እንደማንኛውም ሰው።

«ይረሳሉ?» አለኝ። «እንደ እሳቸው ላሉ ሰዎች በዚህ ዕድሜ መርሳት ይጀምራል፣ የሚጠበቅ ነው።» እስክሪብቶውን አነሣ።

ሰው ፊት መናገር አልወድም። «አይረሳም» ስል ለራሴም በደንብ አልተሰማኝ። ደገምኩት። «አይረሳም፤ ይዘገያል። ቅድም ምን ያምዎታል ብለውት ነበር። ቢጠብቁት ይመልሳል።»

እስክሪብቶውን አስቀመጠ። ኮሪደሩ ላይ አንድ ልጅ ያለቅሳል። እኔ ወንበሬ ሥር እግሬን እያወዛወዝኩ ነበር፤ እናቴ በጉልበቷ ገፋ አድርጋ አስቆመችኝ።

«ብርድ» አለ ጋሼ። ቆይቶም «እግሬ ከባድ ነው» አለ።

ሐኪሙ ወንበሩን ወደ እሱ አስጠጋ። ቆዳውን ዳሰሰ፣ ደረቅ ነው። ልቡን ረጅም ጊዜ አዳመጠ። ጆሮውን አየና ከሁለቱም እልከኛ ኩክ አወጣ፤ ጋሼ ጥጥ ሲያይ በጎን እናቴን ተመለከታት። ከዚያ ሐኪሙ ወንበር ላይ አንበረከከውና የቁርጭምጭሚቱን ጅማት በትንሿ የጎማ መዶሻ መታ። እግሩ ተወረወረ። ሲመለስ ግን ቀስ ብሎ፣ እያመነታ፣ አንድ ነገር እንደሚያስብ ሆኖ ተመለሰ። ሐኪሙ ደግሞ መታው። ያው ነው። እግሩም እንደ መልሱ ይዘገያል።

«የእንቅርት እጢ ሳይሆን አይቀርም» አለ።

እናቴ ተቆጣች። «እንቅርት የለበትም። የሸሚዙን አንገት የምለካው እኔ ነኝ።»

«ሳያብጥም ይደክማል፣ እናት። እጢው ሲደክም ሰውነት ሁሉ ይቀዘቅዛል። ልብ፣ ሆድ፣ እጅ፣ ሐሳብም። እንደ እሳቸው ባሉ ሰዎች ብዙ ጊዜ ያጋጥማል፤ በየዓመቱ በደም መታየት ነበረበት። መርሳት የሚመስለውም ብዙ ጊዜ ይኸው ይሆናል። የደሙን ውጤት እንይ።»

ይህንንም አንብቤው ነበር መሰለኝ። የሚያስፈራ ስላልነበረ አልያዝኩትም።

ልንወጣ ስንል እናቴ በሩ ላይ ቆመች። ቦርሳዋን በሁለት እጇ ይዛለች። «እስከ ስንት ነው?» አለችው።

«ምኑ?»

«ዕድሜው።»

ሐኪሙ እኔን አየኝ፣ መሬቱን አየሁ። «እንደ እሳቸው ያሉ ዛሬ ስድሳ የሚያልፉ ብዙ ናቸው» አለ። «የእሳቸውን ግን አላውቅም፣ እናት።»

«የድሮው ሐኪም ያውቅ ነበር» አለችና ወጣች።

ውጤቱ እስኪመጣ ያሉትን ቀናት እንዴት እንዳሳለፍኩ አላውቅም። ቢሮ ውስጥ የሠራሁትን ሠንጠረዥ ደግሜ እሠራለሁ። ውሃ እቀዳለሁ፣ አልጠጣም። የመርሳት በሽታው ከሆነስ? ሁለቱም ከሆኑስ? ቤት ስገባ ጋሼ አንዱን የአንሶላ ጫፍ በር እጀታ ላይ አስሮ፣ ሌላውን ይዞ ቆሟል። በሩ «ያዝ» ቢባል አይሰማ፤ እሱም አይጠራም። የላውንደሪዋ ባለቤት ደውላ ከቀጮ ጋር የሚያጥፍ ሌላ ሰው እየፈለገች መሆኑን ነገረችኝ፤ ትንሽ ታገሺ አልኳት፣ ታጋሽ እንደሆንኩ ሁሉ።

ውጤቱ ሐኪሙ እንዳለው ሆነ፤ እጢው በጣም ደክሟል። በየቀኑ ጠዋት በባዶ ሆድ የምትዋጥ አንዲት ትንሽ ክኒን ታዘዘች። «ቀስ ብሎ ነው» አለኝ ሐኪሙ፤ እግሬን አይቶ ይመስለኛል። «የመርሳት በሽታው ወደፊት አይመጣም ልልሽ አልችልም። በየዓመቱ እያየን እንከታተላለን። አሁን ያለው ግን ይኸ ነው።»

አሁን ያለው ይኸ ነው የሚለውን ይዤ መቀመጥ ተማርኩ። መቀመጥ ማለቴ ነው። ጠዋት «ጋሼ፣ ዛሬ ቀኑ ማነው?» እልና ወንበር ስቤ ቁጭ እላለሁ። የቢሮ መኪና ያመልጠኛል። መልሱ ግን ይመጣል፤ መጀመሪያ ሻይዬ ቀዝቅዞ፣ ሰንበት ብሎ ሻይዬ ሞቅ እንዳለ፣ በኋላም ገና ስኳሩን ሳላማስል። አንድ ቀን ሹራቡን አውልቆ ወንበር ላይ ጣለው። አንድ ቀን ደግሞ ጥያቄዬን ሳልጨርስ «ትናንት ጠይቀሽኝ የለ? ከዚያ ቀጥሎ ያለው ነው» አለኝ።

ክብደቱ ቀነሰ፤ ሱሪዎቹ ሰፉት። እናቴ የቀጠለችውን ቡናማ ጨርቅ ፈታች፤ ከዚያ ሳታማክረን ደህና ሱፍ ገዝታ አዲስ ሱሪ ሰፋችለት። ሲለብሰው ወደ ጫማው አጎነበሰ።

«እግሩ ላይ ወፈረ» አለ።

ቀረብ ብዬ አየሁት። ወደ ውስጥ ታጥፎ የተቀመቀመ ነው፤ የእኔን ቀሚስ ታጥፍ እንደነበረው።

«ትርፍ ነው» አለች እናቴ፣ ከስፌት መኪናዋ ቀና ሳትል።

«አላድግም እኮ።»

«ዝም ብለህ ልበስ።»

ባለቤቷ «መጥቶ ይሞክር፤ ከሆነለት ሰው መፈለጌን እተዋለሁ» አለች። ጠዋት አብሬው ሄድኩ። መንገዱን ሲያቋርጥ ጠርዙ ላይ አልቆመም። ጠረጴዛው አጠገብ ቀጮ ፎጣ ትከሻው ላይ ጥሎ ጠበቀን።

«አለቃ፣ አንሶላው አንተን ናፍቆ ከስቷል።»

«አንተ አልከሳህም» አለው ጋሼ። እንደ ድሮው ፈጣን አልነበረም፤ ሳቁ ግን በሰዓቱ ደረሰ።

አንሶላ ዘረጉ። ሁለቱም ጫፋቸውን ያዙ። ባለቤቷ ከማሽኖቹ በኩል ቆማ ታያለች፤ እኔ በሩ ላይ፣ ቦርሳዬን ከአንዱ ትከሻ ወደ ሌላው አዛውራለሁ። ቀጮ ሊጠራ አፉን ከፈተ። መልሶ ገጠመው። አንሶላው በሁለቱ መሀል እንደተንጠለጠለ ቆየ። ሄጄ ጫፉን ልይዝለት ምንም አልቀረኝም ነበር።

«ያዝ» አለ ጋሼ።

ቀጮ ያዘ።

«ሳብ። ና።»

ተጠጋጉ፣ ጫፉን አገናኙ፣ አጠፉት፣ ሌላ አነሡ። ባለቤቷ ወደ ደንበኛ መቀበያው ሄደች።

«ጋሼ» አልኩት፣ «ማታ መጥቼ ልውሰድህ?»

መልስ አልሰጠኝም። «ሂጂ፣ አንቺ ልጅ፣ ይረፍድብሻል» አለኝ ቀጮ። ቢሮ እንደምዘገይ አውቃለሁ። በሩን ተደግፌ ቆምኩ። ያነሡትን አንሶላ ጨረሱ። ቀጣዩን ዘረጉ፣ ሳቡ፣ አጠፉት፣ ክምሩ ላይ አስቀመጡት። ጋሼ ክምሩን በመዳፉ ደልድሎ ወደ እኔ ዞረ።

«አትምጪ» አለ።